አራሚዋ ያላሳለፈችው ስም

አራሚዋ በአንድ አሳታሚ ድርጅት የሕፃናት ስም መጽሐፍ ስታጣራ ከረመች። ስሙ ከየት ቋንቋ መጣ፣ ትርጉሙስ እውነት ነው ወይ እያለች ቋንቋውን ለሚያውቅ ሁሉ ትደውላለች። አንድ የሴት ስም ግን አላልፍ አላት። ደራሲው «ጸሎቷ የተሰማላት» ብሎታል። በቋንቋው አፋቸውን የፈቱ አንድ ሽማግሌ በስልክ ሳቁ።

«የኔ ልጅ፣ ‹የተረፈች› ማለት እኮ ነው! ገበያ ውሎ ፈላጊ ያጣውን ዕቃ ነው እንዲህ የምንለው።»

ስሙን ሰረዘችው። አለቃዋ መልሶ አስገባው።

«አንባቢ ደስ የሚል ነገር ነው የሚፈልገው። ደግሞ ማን ሄዶ ያጣራል?»

«እኔ አጣራሁ እኮ!»

«አጣራሽ፤ ተባረኪ» አለና ወደ ኮምፒውተሩ ዞረ። ከሥራዋ ብትባረር የት ትገባለች? አፏን ይዛ ወጣች። መጽሐፉም «ትርጉሞቹን ያጣራችው» ተብሎ የእሷ ስም ተጽፎበት ታተመ።

ብዙም ሳይቆይ የወንድሟ ሚስት ወለደች። ጽንስ በላይ በላዩ እየጨነገፈባት፣ ሰው ሁሉ ተስፋ ከቆረጠ በኋላ የመጣች ልጅ ናት። አራሚዋ ሆስፒታል ስትደርስ አራሷ ሕፃኗን ደረቷ ላይ አስተኝታ ፊቷ በርቷል።

«ስም አወጣንላት፣ ያውም ካንቺው መጽሐፍ!» ብላ ያንኑ ስም ጠራች። «ጸሎቷ የተሰማላት ማለት ነው አይደል?»

 ወንድሟም የአራሷ እናትም የአራሚዋን ዓይን ዓይኗን ያያሉ። «አዎ» ብትል ባለቀ ነበር። ግን የሽማግሌው ሳቅ ጆሮዋ ላይ አቃጨለ፤ ልጅቷ አድጋ ያንን ሳቅ ስትሰማው ታያት። ወንድሟን ኮሪደር ላይ ጠርታ እንቅጩን ነገረችው።

«ገና አላስመዘገባችኋትም። ቀይሩት፣ ወንድም ዓለም።»

እሱ ደግሞ ከሚስቱ የሚደብቀው የለም። ወዲያው ገብቶ ዘረገፈው። እውነት ተናግሮ ከመሸበት ማደር ይባላል፤ እሷ ግን የተናገረችው ከመሸ በኋላ ነበር።

አራሚዋ ተከትላው ስትገባ አራሷ አልጮኸችም። «ለሌላ ሰው ልጅ ሲሆን ልክ ነው ብለሽ አሳለፍሽ፤ እኔ ጋ ሲደርስ ተበላሸ?»

«ተቃውሜ ነበር፣ አለቃዬ ነው...»

«ስምሽ አለበት፣ የለበትም?»

«አለበት።»

«ወልደሽ ቢሆን ኖሮ ደስታዬን በዛሬ ቀን አትቀሚኝም ነበር።»

አራሚዋ መውለድ አልሆነላትም፤ ክፍሉ ውስጥ ያሉት ሁሉ ያውቃሉ። ወንድሟ «ተይ፣ ይሄስ አይባልም» ይላል ብላ ጠበቀች። እሱ ግን የሕፃኗን ጨርቅ ማጠፍ ጀመረ። ቦርሳዋን አንስታ ወጣች።

ስሙንስ ቀየሩት። በማን እንደተተካ ግን የነገራት የለም። ወንድሟ ስትደውልለት «ሕፃኗ ደህና ናት» ይላታል እንጂ ስሟን አይጠራም። እሷም ማን አላችኋት ብላ ለመጠየቅ አፏን ትከፍትና፣ «በሉ ሳሙልኝ» ብላ ትዘጋለች።