በሰደርያው ውስጥ የተሰፋው የበግ ጠጉር

እማማ ኬዛያ ጥፋቱን የሠሩት ሐሙስ ቀን ነው፤ ያውም በንጹሕ ልብ። የልጅ ልጃቸው ዲጎሪ ትሬዊን ወደ ወርቁ ጉድጓድ ሥራ እንደ ሄደ በሩን ዘጉና የሸራ ሰደርያውን ከተሰቀለበት ሚስማር አወረዱት።

ይህን ሰደርያ የሰፉለት ራሳቸው ናቸው። እጅጌ የለውም፤ ፊቱ ከአንገት እስከ ወገብ በክር ይታሰራል። ቅዳሜ ቅዳሜ ከጨዋታው በፊት ልጁ እስኪያቃስት ድረስ ክሩን የሚስቡለትም እሳቸው ናቸው። በወርቅ ቆፋሪዎቹ ከተማ በቤንዲጎ፣ በእጅ ተይዞ በእግር የሚመታውን ኳስ የሚጫወት ሁሉ ሰደርያውን እንደ ከበሮ ቆዳ ወጥሮ ነው ሜዳ የሚገባው። ትንሽ ከላላ የባላጋራ ጣት ይገባበታል፤ ጣት ከገባበት ደግሞ ሰውየው መሬት ላይ ነው። እማማ ኬዛያ ይህን ከማንም በላይ ያውቃሉ።

እያወቁ ግን ፈሩ። ባለፈው ክረምት ዲጎሪ ከአየር ላይ ኳስ ሊይዝ ዘሎ በግራ ትከሻው ወደቀና አጥንቱ ተሰበረ። ሐኪሙ «ዳግመኛ ከተሰበረ ዶማ ማንሣቱን እርሳው» አለው። ዶማ የማያነሣ ሰው ቤንዲጎ ውስጥ ምን ይበላል? አባቱን እንደሆነ ጉድጓዱ በልቶባቸዋል፤ የቀራቸው እሱ ብቻ ነው። ኳሱን ተው ቢሉት አይሰማ። እንግዲህ ምን ያድርጉ? በሸራውና በገበሩ መካከል የበግ ጠጉር ጠቀጠቁ። መጀመሪያ ትከሻውን ብቻ ነበር ያሰቡት፤ ከዚያ ጎኑስ አሉና ጎኑን፣ ጀርባውስ አሉና ጀርባውን። እጃቸው አልቆም አለ።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ ክሩን ሲስቡለት ዲጎሪ ፊቱን አጨማደደ።

«አያቴ፣ ይሄ ነገር ጠበበኝ እኮ።»

«ወፍረህ ነው።»

«በምን?»

«በእኔ ኬክ ነዋ! ትናንት ስንት ቁራጭ ነው የበላኸው?»

ዲጎሪ ሆዱን ዳበሰ፤ አመነ። እማማ ኬዛያ የጸሎት ቤት ሴት ናቸውና ስለ ውሸቷ በልባቸው እየጸለዩ ክሩን ቋጠሩ።

የዚያን ቀን ባላጋራዎቹ ከኮረብታው ማዶ የመጡት ኢግልሆኮች ነበሩ። እማማ ኬዛያ ከጎረቤታቸው ከሎቭዴይ ጋር አጥሩን ተደግፈው ቆሙ። በዚህ ጨዋታ ኳሱን ከአየር ላይ አጥብቆ የጨበጠ ሰው ዳኛው ፊሽካ ይነፋለታል፤ ከዚያ ማንም ሳይነካው ተረጋግቶ ይመታል። ዲጎሪ ስሙን ያተረፈው በዚህ ነው፤ ሲዘል ከሰው ትከሻ በላይ ነበር የሚታየው። ዛሬ ግን ገና ከመሬት ሳይነሣ አንድ ቀይ ጢማም ሥጋ ሻጭ ከኋላው በጠጉሩ ያበጠውን ሰደርያ በሙሉ እጁ ጨበጠውና ጎትቶ ጣለው።

«ትሬዊን!» አለ ሥጋ ሻጩ እየሳቀ፤ «ዘንድሮ እንደ ሙክት ላት አወጣህ እንዴ?»

ሜዳው በሳቅ አውካካ። ሁለተኛም ጣለው፤ ሦስተኛም። በአራተኛው ዲጎሪ በግራ ጎኑ ወደቀና ትከሻውን ይዞ ተነሣ።

«እትዬ ኬዛያ፣ ልጁን ዛሬ ምን ነካው?» አለች ሎቭዴይ።

«እኔ ነኝ የነካሁት» አሉ እማማ ኬዛያ። የፈሩት ይደርሳል ይባላል፤ እሳቸው ግን የፈሩትን በመርፌና በክር አስጠርተውታል። እንዲህ እየወደቀ እስከ ማታ ከዋለ አጥንቱ አይተርፍም።

የእረፍት ፊሽካ እንደ ተነፋ ቦርሳቸውን አንጠልጥለው ወደ ተጫዋቾቹ ድንኳን ገሠገሡ። ውስጥ አምበሉ ሆስኪን ዲጎሪን ቁልቁል እያየ ይቆጣል።

«አንተ ዛሬ ድንጋይ ውጠህ ነው የመጣኸው! ወደ ኋላ ትመለሳለህ፤ ከፊት ሌላ ሰው ይቆማል።»

«ሆስኪን፣ ልጁን ተወው» አሉ እማማ ኬዛያ መጋረጃውን ገልጠው፤ «ጥፋቱ የእኔ ነው።»

«እማማ፣ እዚህ ሴት አይገባም! ልጆቹ ልብስ አልለበሱም።»

«ግማሾቹን ያዋለድኩት እኔ ነኝ። ምን አዲስ ነገር አብቅለዋል?»

አንዱ የጠጣውን ውኃ በአፍንጫው አወጣው። እማማ ኬዛያ ከቦርሳቸው መቀስ አውጥተው፣ የዲጎሪን ሰደርያ ክር ፈትተው ገበሩን ተረተሩት። የበግ ጠጉሩ በእፍኝ በእፍኝ እየወጣ ሣሩ ላይ ተከመረ።

ዲጎሪ ከጠጉሩ አንድ እፍኝ አነሣ። «አያቴ! ወፍረሃል ስትይኝ ቁርሴን ትቼ እኮ ነው የመጣሁት!»

«እግዜር ይቅር ይበለኝ፤ ዝም ብለህ ቁም።»

መቀሱ ግራ ትከሻው ላይ ሲደርስ ቆመ። «ይቺን አልቀድም» አሉ። ሆስኪን ቦታዋን በአውራ ጣቱ ቆንጥጦ ሞከራት።

«እዚህ ላይ ማሰሪያው ወጥሮታል፤ ጣት አይገባም። ትቅርላቸው።»

ሸራው ከገላው ጋር እንዲጣበቅ ውኃ ደፉበት። እማማ ኬዛያ ክሩን አንድ በአንድ ሳቡ።

ጨዋታው ሊያልቅ ሲል፣ ኢግልሆኮች አንድ ለባዶ እየመሩ፣ ኳሱ ከሩቅ ተለግቶ መጣ። ዲጎሪ ተነሣ። ሥጋ ሻጩ እጁን ወደ ጀርባው ሰደደ፤ ጣቶቹ እንደ ረጠበ ሳሙና ሸርተት አሉ። ዲጎሪ ኳሱን ከሁሉም በላይ ጨበጠው፤ ከዚያ ከነኳሱ በግራ ትከሻው ተከሰከሰ።

«ሎቭዴይ፣ እኔ አላይም፤ አንቺ ንገሪኝ።»

«ተነሣ።»

«ክንዱስ?»

«እያወዛወዘ ነው።»

«የትኛውን?»

«ግራውን! ለእርስዎ ነው የሚያወዛውዘው፤ ዓይንዎን ይግለጡ እንጂ!»

እስኪገልጡ ዲጎሪ ኳሱን መትቶት በሁለቱ የግብ ቋሚዎች መካከል እያለፈ ነበር። አንድ ለአንድ ተለያዩ። ዲጎሪ ማታ ቁርሱንም ምሳውንም እራቱንም በኬክ አካካሰ፤ በዚህ ጊዜ ስለ መወፈር ማንም አላነሣበትም።

እሑድ መርፌ አይነካም። ሰኞ ከሰዓት በር ተንኳኳ። ሆስኪን የገዛ ሰደርያውን በብብቱ ይዞ ቆሟል፤ ከኋላው ሁለት የቡድኑ ልጆች የየራሳቸውን ይዘዋል፤ ከሁሉ ኋላ ደግሞ ቀይ ጢማሙ ሥጋ ሻጭ፣ ትልቅ ከረጢት ተሸክሞ።

«ጠጉሩን እኔ አምጥቻለሁ፣ እማማ» አለ ሥጋ ሻጩ አንገቱን ደፍቶ። «ትከሻዋ ላይ ብቻ።»

«ለአንተ ሰፍቼ የእኔን ልጅ ልትጥልበት?» አሉ እማማ ኬዛያ። ከዚያ ትክ ብለው አዩት፤ አንድ ትከሻው ከሌላው ዝቅ ብሏል። «ደግሞ አንተን ማን ሰበረህ?»

«የእርስዎው ልጅ፣ ካቻምና።»

እማማ ኬዛያ ተነፈሱ። መነጽራቸውን ፈለጉ፤ መርፌውንም ፈለጉ።

«በሉ ግቡ» አሉ፤ «ጫማችሁን ግን ጥረጉ።»