የአንበሳው ጆሮ

በመካነ ኢየሱስ ከተማ ዳርቻ፣ በአንድ የድሮ ባላባት ግቢ፣ ከአትክልቱ መግቢያ ግራና ቀኝ ሁለት የድንጋይ አንበሶች ተቀምጠዋል። አያ ካሳ ግቢውን ሲጠብቁ ነው ያረጁት። ባለቤታቸው እትዬ ብርቄ በአጥሩ ጥግ ጌሾና ጎመን ያለማሉ።

የግራው አንበሳ አንድ ጆሮው ድሮ በበረዶ ተመትቶ ወድቆ ነበር። አያ ካሳ አዘኑለትና ከግንባታ የተረፈ ሲሚንቶ ለምነው ሌላ ጆሮ ሠሩለት። ረዘመባቸው። ከዚያ ወዲህ የሰፈሩ ሰው አንበሳውን «አህያው» ይለዋል፤ እሳቸው ግን እንግዳ በመጣ ቁጥር በኩራት ያሳዩታል።

ዘንድሮ ቅርስ የምትጠግነው ራሄል ከባሕር ዳር መጣች። በግራው አንበሳ ላይ የበቀለውን የድንጋይ ሽበት በለስላሳ ብሩሽ አጥባ ስታስለቅቅ ከሲሚንቶው ጆሮ ሥር ተነሥቶ እስከ ዓይኑ የወረደ ስንጥቅ አየች። አጠገቧ የቆሙትን አያ ካሳን በጎን አየት አደረገች።

«ንገሪው እንጂ ልጄ» አሉ እትዬ ብርቄ ከጎመኑ መካከል። «ያ ጆሮ ነው አይደል?»

«ጆሮዬ ምን አጠፋ?» አሉ አያ ካሳ።

«ጆሮው አይደለም አያ ካሳ፣ ሲሚንቶው ነው። የገባው ውሃ መውጫ ሲያጣ ድንጋዩን ይበላዋል። ካላነሣነው ፊቱ ይረግፋል።»

አያ ካሳ መኮትኮቻቸውን አንሥተው ሄዱ፤ ምሳም አልበሉ።

በማግሥቱ ራሄል ስትመጣ ግን ቀጭን መሮ ይዘው ከአንበሳው ሥር ተቀምጠው አገኘቻቸው።

«ያሳመምኩት እኔ ነኝ፤ እኔው ላውልቅለት» አሉ።

ከየት እንደሚጀምሩ አሳየቻቸው። እሾህ እንደሚነቅል ሰው በየመሀሉ «አይዞህ» እያሉት ቀስ ብለው ፈለቀቁት። የጥንቱ ጆሮ ሥር ብቅ አለ፤ አጭር፣ ክብ፣ ከጎፈሩ የተለጠፈ። በአውራ ጣታቸው ዳሰሱት።

«ለካ ትንሽ ኖሯል!»

ራሄል ኖራና አሸዋ ለወሰች። «ይህ እንደ ሲሚንቶ ውሃ አያፍንም። እርስዎ ያብጁት፣ እኔ መጠኑን አያለሁ» ብላ ጓንት ሰጠቻቸው።

«በጓንት ጆሮ አይሠራም» ብለው መለሱላት፤ የቀኙን አንበሳ እያዩም ማበጀት ጀመሩ። እትዬ ብርቄ መጥተው ከኋላቸው ቆሙ።

«ደግሞ ረዘመ።»

«ዝም በይ፣ አልጨረስኩም።»

«ረዘመ እልሃለሁ! ሁለተኛ አህያ ልታደርገው ነው?»

ራሄል ሳቋ አመለጣት። አያ ካሳም ሳቁ፤ እየሳቁ ከጫፉ ቀነሱለት፣ አየት አደረጉና ደግሞ ጥቂት ጨመሩ።

ሲያልቅ ራሄል ኖራው ቀስ ብሎ እንዲጠነክር እርጥብ ጆንያ አለበሰችው። አያ ካሳ ከአጠገቡ አልንቀሳቀስ አሉ። እትዬ ብርቄ በጣሳ ውሃ ይዘው መጡ።

«ና፣ እጅህን ታጠብ፤ ያቃጥልሃል» አሉና፣ ባላቸው ቅንድብ ላይ የቀረውን ኖራ በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉላቸው።