ጭቅቄ እንዳይሞት

ባሌ የልጆች ማስተማሪያ ፊልም ሠሪ ነው። ቀላል እንዳይመስላችሁ፤ ጽሑፉም እሱ፣ ካሜራውም እሱ፣ ቅንብሩም እሱ፣ ድምፁም እሱ። ለጥርስ ፊልም የታመመ መንጋጋ ሆኖ አልቅሷል፣ ለመንገድ ፊልም አህያ ሆኖ ዜብራ ተሻግሯል። እኔ አሻንጉሊቶቹን እሰፋለሁ። መጨረሻ ላይ ስሜ ጉንዳን በምታክል ፊደል ይወጣል፤ ይሁን።

ሰሞኑን ስለ እጅ መታጠብ አንድ ፊልም ሠራ። አለቃው አስቀድሞ «ልጆቹ አይተውት እጃቸውን ካልታጠቡ የልጆች ፊልም ክፍሉን እዘጋዋለሁ» ብሎታል። የዕድሜ ልክ ልፋቱ እኮ ነው! እኔም አረንጓዴ ሹራቤን ቆርጬ ጀርሙን ሰፋሁለት፣ ስሙን ጭቅቄ አለው። ድምፅ ሲሰጠው ግን፣ አይ ሰውዬ! ክፋት ከየት ያምጣ? ጭቅቄ እየተኮላተፈ «እባክሽ እጅሽ ላይ ልደር፣ ውጭ ይበርዳል» ይላል።

«ኧረ በዚህ ላይ ማን ይጨክናል?» አልኩት።

«አንቺ ስፌትሽን ስፊ» አለኝ። መርፌዬን አንስቼ ስፌቴን ቀጠልኩ።

ለሙከራ፣ አለቃው ባለበት፣ ለአንደኛ ክፍል ልጆች አሳየናቸው። በሳቅ ፈነዱ። ሲያልቅ መምህርቷ «በሉ ወደ ቧንቧው!» ስትል አንድም ልጅ ንቅንቅ አላለም። ጥርሷ የወለቀ አንዲት ልጅ እጆቿን ብብቷ ውስጥ ሸጉጣ «ጭቅቄ ይሞትብኛል!» ብላ ለቅሶውን ለቀቀችው። ክፍሉ በሙሉ ተከተላት። ጉድ ፈላ! አለቃው ሰዓቱን አየ። የባሌ ፊት አመድ መሰለ፤ አንጀቴን በላው።

አሻንጉሊቱን እጁ ላይ አጥልቆ ልጅቷ ፊት ተንበረከከ። አለቃው «ስትታጠቢ ወደ እናቱ ይሄዳል በላትና ይለቅ» ብሎ አንሾካሾከ። ባሌ ግን ለልጅ አይዋሽም። በጭቅቄ ድምፅ «ሆድሽ ከገባሁ አሳምምሻለሁ፤ ልተው ብልም አልችልም» አላት።

«ብታጠብስ?»

«እሞታለሁ።»

«ያምሃል?»

«እኔ እንጃ። አንቺን ከሚያምሽ ግን እኔን ይመመኝ።»

ልጅቷ አፍንጫዋን ጠርጋ ወደ ቧንቧው ሄደች። ሳሙናውን እያሸች «ቻው ጭቅቄ» አለችው። ሌሎቹም እየተነፋረቁ ከኋላዋ ተሰለፉ። አለቃው «የልጆች ፊልም ክፍሉ ይቀጥላል፤ ይሄንንም ፊልሙ ላይ ጨምረው» አለ። እሰይ! እልል ማለት ቃጣኝ።

ቤት ገብተን ምሳ አቀረብኩ። ባሌ ሳይታጠብ ቁጭ አለ።

«ሰውዬ፣ ደህና ነህ? እጅህን እንጂ!»

እጆቹን ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ አያቸውና «ተይው፣ ለዛሬ ብቻ እጄ ላይ ይደር» አለኝ።