በካያር ባሕር ዳር የተቀረጸው ስንብት

ልጄ ማሳምባ የፊልም ዳይሬክተር ነው። ፓሪስ ተምሮ እንደተመለሰ የሠራት አጭር ፊልም ዋጋዱጉ በተደረገ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ተሸለመችለት። ከዚያ በኋላ ግን ስንት ዓመት ሙሉ የሰው ሰርግ ሲቀርጽ ኖረ። አምና የመጀመሪያውን ረጅም ፊልም ሊጀምር ነው ሲባል ሰፈሩ እልል አለ። እኔ ግን ስለ ምን እንደሆነ ጠየቅኩት።

ፊልሙ በጀልባ ወደ ስፔን ስለሚሄዱ ጎረምሶች ነው። የሚተውኑትም የእኛው የዓሣ አጥማጆች ከተማ የካያር ልጆች ናቸው። ማሳምባ የውሸት ነገር አይወድም። ጀልባውም፣ ሞተሩም፣ ነዳጁም የእውነት ይሁን አለ።

“ባዶ በርሜል ጫንበት፣ ማን ያውቅብሃል?” አልኩት።

“እማዬ፣ ባዶ በርሜል ማዕበል ላይ ሲንከባለል ያስታውቃል።”

በቀረጻው ቀን የልጆቹን እናቶች ባሕር ዳር አቆማቸው። እኛ ዘንድ ሩቅ የሚሄድን ሰው የምንጨብጠው በግራ እጅ ነው፤ ተመልሶ በቀኙ እንዲያስተካክለው። ማሳምባ እንደዚያው አድርጉ አላቸው።

“ይሄ እንኳ ለጨዋታ አይሆንም” አልኩ።

ጎረቤቴ ንጎኔ ሳቀችብኝ። እሷ ንጃይ፣ እኔ ጆፕ ነኝ፤ በወጉ ሁለቱ ዘሮች በቀልድ ሳይሰዳደቡ አይተላለፉም።

“አንቺ ሩዝ በላተኛ፣ ዛሬ እንኳ አታሟርቺ! ሊባስዬ ለምሳ ይደርሳል። ብቻ ዓሣውን ቀድመሽ እንዳትጨርሺበት!”

ልጇ ሊባስ ግራ እጇን ይዞ ስቅስቅ ብሎ አለቀሰ።

“አየሽ? ትወና ማለት ይሄ ነው!” አለችኝ።

ጀልባዋ ልጆቹን ይዛ ወጣች። ማሳምባ “በቃ! ተመለሱ!” ብሎ ጮኸ። ሞተሩ አልቀነሰም። ደጋግሞ ጮኸ። ከልጆቹ አንዱም አልዞረም። ዓሣ አጥማጆች በሌላ ጀልባ ቢከተሏቸውም አልደረሱባቸውም። ይኸው እስከ ዛሬ ከስፔንም ከሌላም ወሬያቸው አልመጣም።

ፓሪስ ያለው ፕሮዲውሰር ቀረጻውን አይቶ፣ “እንዲህ ያለ ምስል አንስተህ አታውቅም። ፊልሙን በዚህ ጨርሰው” አለው።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ እናቶቹ ተሰብስበው መጡ። ሊደበድቡት መስሎኝ በሩን ዘግቼ ቆምኩ።

“ዞር በይ” አለችኝ ንጎኔ። ስድብ እንኳ አልጨመረችበትም።

ገብታ ማሳምባ ፊት ቁጭ አለች። “ልጆቻችንን አሳየን።”

ኮምፒውተሩን ከፈተላቸው። እያንዳንዷ የልጇን ፊት በጣቷ ነካች። ጀልባዋ ነጥብ አክላ ስትጠፋ ንጎኔ፣ “ፈረንጁ በዚህ ይለቅ ብሏል አሉ። እውነት ነው?” አለችው።

“እውነት ነው፣ እናቴ።”

“ከጨረስከው አለቁ ማለት ነው። አገር ሁሉ ሬሳ አድርጎ ያያቸዋል። የእኔ ልጅ መንገድ ላይ ነው።”

እኔ መንገድ ላይ እንዳልሆነ አውቃለሁ። ማሳምባም ያውቃል። ተነስቶ ጓዳ ገባና ፓሪስ ደውሎ ፊልሙ እንደቀረ ለፕሮዲውሰሩ ነገረው። ያ ሰው “ከእንግዲህ ስሜን እንዳታነሳ!” እያለ በስልኩ ሲጮህበት በግድግዳው በኩል ሰማሁ።

ሲመለስ ንጎኔ ቀረጻውን ከመጀመሪያው፣ ልጆቹ ገና ባሕር ዳር ከቆሙበት፣ እንዴት እንደሚያስጀምሩት ጠየቀችው። አጠገቧ ተቀምጦ አሳያት።