ልክ የሆነው ሰዓት

ፂዩሪ ከቤተ ክርስቲያን ተመልሳ ወጥ ቤት ስትገባ የልጇን የሻይ ብርጭቆ ጠረጴዛው ላይ አገኘችው። ልታጥበው ስታነሳው ገና ይሞቃል። ታምታ ቀደም ብላ መውጣት፣ በዚህ ሰዓት የቼዝ ውድድሩ አዳራሽ በር ላይ መድረስ ነበረባት። ታዲያ ብርጭቆው ለምን ይሞቃል? ፂዩሪ ቀና ብላ የግድግዳውን ሰዓት አየች።

ሰዓቱ ልክ ነበር።

በዚህ ቤት ሰዓት ልክ ሆኖ አያውቅም። ባቡሩ ያመልጠናል፣ ሐኪሙ ይሄድብናል፣ የትምህርት ቤቱ በር ይዘጋብናል እያለች ሩብ ሰዓት የምታስቀድመው ፂዩሪ ራሷ ናት። ታምታ መቀነስ የተማረችው ከዚህ ሰዓት ነው። "የእማዬ ሰዓት ውሸታም ነው፤ ደግነቱ ሁልጊዜ የሚዋሸው እኩል ነው" እያለች ጓደኞቿን ታስቃለች።

ዛሬ ጠዋት ልጅቷ ተኝታ ሳለ ሰዓቱ ቆሞ ተገኘ። ፂዩሪ ባትሪ ቀየረችለት። ልትሞላው ስትል ሬዲዮው ሰዓት ተናገረ፤ እሷም ለአንድ አፍታ ደፈረች። ዛሬ እንኳ አልፍራ፣ ዛሬ እንኳ አይሳቅብኝ አለችና በሬዲዮው ሞላችው። ከዚያ ሻማ ልታበራ ወጣች። ለታምታ ግን አልነገረቻትም።

የታምታ ስልክ ማቀዝቀዣው ላይ ተቀምጧል። ጨዋታ ባለበት ቀን ይዛው አትወጣም፤ ኪሱ ውስጥ ስልክ የተገኘበት ተጫዋች ይሸነፋልና። የእጅ ሰዓትም አታስርም፤ እጄን ይከብደኛል ትላለች። ያላት የወጥ ቤቱ ሰዓት ብቻ ነው። በቼዙ ዓለም ደግሞ አዲስ ሕግ ወጥቷል፤ ደወሉ ሲደወል ወንበሩ ላይ ያልተቀመጠ፣ አንድ ወታደር ሳያንቀሳቅስ ተሸነፈ ማለት ነው።

ዛሬ ደግሞ የመጨረሻው ዙር ነው። ታምታ አቻ ብትወጣ እንኳ ለግራንድ ማስተርነት፣ ለቼዝ ትልቁ ማዕረግ፣ የቀራት አንድ ውጤት ይሟላላታል። ይህን ውጤት ፍለጋ ስንት አገር ዞራለች፤ ስንቴስ በግማሽ ነጥብ አምልጧታል።

ፂዩሪ ለአሠልጣኙ ለጉራም ደወለች። ስልኩ ዝግ ነው። ደረጃውን እስከ ታች ወረደች፤ ልጇን ግን አሁን ልትደርስባት አትችልም። ተመልሳ ወጣችና የአይብ ዳቦ ማቡካት ጀመረች። ምናልባት ሜትሮው፣ የምድር ውስጥ ባቡሩ፣ ፈጥኖ ይሆናል። ምናልባት ዳኛው አዝኖላት ይሆናል። ደግሞ ምናልባት ስትሮጥ ሐዲዱ ላይ ወድቃ ይሆናል። ዱቄቱ እስከ ክርኗ ወጣ።

በሩ ሲከፈት መጀመሪያ የሰማችው የጉራምን ድምፅ ነው።

"ሕንድ አገር ቼናይ ድረስ ሄዳ ዳኛውን ቀድማ የተቀመጠች ልጅ ናት! አውሮፕላን ዘግይቶባት፣ ሻንጣዋ ጠፍቶባት! ከእናቷ ወጥ ቤት ተነስታ አረፈደች!"

"ባቶኖ ጉራም፣ ጌታዬ፣ ይቀመጡ እንጂ። ትንሽ ነገር ይቅመሱ" አለች ፂዩሪ።

"ምን ልቅመስ፣ ካልባቶኖ ፂዩሪ፣ እመቤቴ? የዛሬው ይበቃኛል።"

ታምታ ካፖርቷን ሳታወልቅ ተቀመጠች። "ደረጃው ላይ ሆኜ ደወሉን ሰማሁት" አለች ለእናቷ። "በሩን ስከፍት ዳኛው ፈርሞ ጨርሷል። ኦክሳና 'እንጫወት፣ ግድ የለኝም' ብላ ለመነችልኝ። የኔው ተጋጣሚ! እሱ ግን ሕግ ነው አላት።"

"አንቺስ ምን ሆነሽ ነው?" አለ ጉራም። "ምን ስትጠብቂ ነበር?"

"ሁለት ጊዜ ቀንሼ መሆን አለበት። ሩቡን ቀነስኩ፣ ሻይ ስጠጣ ረስቼ እንደገና ቀነስኩ። ሌላ ምን ሊሆን ይችላል?"

ፂዩሪ ጀርባዋን ሰጥታ ሊጡን ትመታለች። አሁን በይ፣ አሁን ተናገሪ አለች ለራሷ። ሊጡን ግን ገልብጣ እንደገና መታችው።

"ቼዝ ሰሌዳ ላይ ሌላው ሰው የማያየውን የምታይ ልጅ ሰዓት ማየት ያቅታታል!" አለ ጉራም።

"አቃተኝ። ስለዚህ በቃኝ። ለባኩው ውድድር ስሜን እንዳታስገባ። የሰፈራችን ትምህርት ቤት ዳይሬክተር ሕፃናት አስተምሪልኝ ስትለኝ ከርማለች፤ ነገ እሺ እላታለሁ።"

"ተናደሽ ነው።"

"ደክሞኝ ነው።"

ጉራም ባርኔጣውን አነሳ። "ስም የሚገባው እስከ ነገ ጠዋት ነው" ብሎ ወጣ። መኖሪያው ከግቢው ማዶ ስለሆነ ደረጃውንና ግቢውን ሲያልፍ ማጉረምረሙ ለብዙ ጊዜ ተሰማ።

ፂዩሪ ዳቦውን ምድጃ ውስጥ ስትከት ደረቷ ውስጥ አንድ ነገር ቀለል አለ፤ ምን እንደሆነም ወዲያው አወቀችው። እፎይታ ነው። ከእንግዲህ አውሮፕላን የለም። በሩ የማይዘጋ ርካሽ ሆቴል፣ በማታውቀው ቋንቋ የሚያናግራት የስልክ ኦፕሬተር፣ ሁሉም ቀረ። ልጇ ትምህርት ቤት ውላ ማታ እራቷን እዚህ ትበላለች። ከእሷ የሚጠበቀው ዝም ማለት ብቻ ነው። ልጄ ተሰብራ ተቀምጣ እኔ እፎይ እላለሁ ብላ አፈረች፤ እፎይታው ግን አልሄደም።

"እናቴ፣ በሞቴ ትንሽ ብዪ" አለቻት ልጇን፣ ዳቦውን ቆርሳ።

ታምታ አልነካችውም። "አንቺ እንኳ ደስ ይበልሽ እማ" አለች፤ በቁጣ አልነበረም፣ እንዲያውም ፈገግ ለማለት ሞከረች። "አርፈሽ ትተኛለሽ።"

ፂዩሪ ቢላዋውን አስቀመጠች።

"ሰዓቱ ልክ ነው።"

"የቱ ሰዓት?"

"የኛ። ባትሪ ስቀይር በሬዲዮው ሞላሁት። አንቺ አንዴ ብቻ ነው የቀነስሽው፣ እናቴ። ጥፋቱ የኔ ነው።"

ታምታ ግድግዳውን አየች። ከዚያ ሳቀች፤ ሳቁ ግን መሃል ላይ ተበላሸ። "ይኼን ሁሉ ዘመን ስትዋሺ ኖረሽ፣ እውነት ለመናገር ዛሬን መረጥሽ?"

"እንዳትስቂብኝ ብዬ ነው።"

"ለምን አልነገርሽኝም?"

"ረሳሁ።" ፂዩሪ በመደረቢያዋ እጇን ጠረገች። "የረሳሁ ይመስለኛል። ሻማውን ሳበራ 'ታሸንፍልኝ' አላልኩም። 'ቤቷ ትቀመጥልኝ' ነው ያልኩት። እና አላውቅም። እጄ ምን እንዳሰበ አላውቅም።"

"ጉራም እዚህ ቆሞ ሲሰድበኝስ? ያኔም ረስተሽ ነበር?"

"ያኔ አልረሳሁም።"

ታምታ ተነስታ ወጣች። በሩን አላጋጨችውም፤ ክፍት ትታው ነው የሄደችው።

ፂዩሪ በሩ አጠገብ ወንበር አምጥታ ተቀመጠች። ወንዙ አለ፣ ድልድዩ አለ፣ በጨለማ መኪና የሚነዱ ሰካራሞች አሉ። ጎረቤቷ ቆሻሻ ልትደፋ ስታልፍ "ምነው፣ ዘበኝነት ተቀጠርሽ እንዴ?" አለቻት። ፂዩሪ ዓይኗን ከደረጃው አላነሳችም።

ታምታ ስትመለስ ጉንጯ በብርድ ቀልቷል።

"ጉራም ጋ ነበርኩ። ነገርኩት።"

"ምን አለ?"

"እኔን ይቅርታ ጠየቀኝ። አንቺን ሰደበሽ።"

"ይገባኛል።"

"ረጅም ስድብ ነው። ሚስቱ መስኮቱን ዘጋችው።" ታምታ ካፖርቷን አወለቀች። "ጭንቅላቴ የከዳኝ መስሎኝ ነበር እማ። ለካ ደህና ነው። ለባኩ ስሜን ያስገባል፤ ሐሙስ እሄዳለሁ።"

ፂዩሪ ባቡሩን አሰበች፤ ድንበሩን፣ የማታውቃቸውን ሰዎች። "እሺ" አለች።

"ጣቢያ ድረስ አትሸኚኝም። በዚህ ጉዞ አልፈልግም።"

"እሺ።"

"አልተቀየምኩሽም ልልሽ አልችልም።"

"አትበይ እናቴ።"

ታምታ የቀዘቀዘውን ዳቦ ቁራሽ አንስታ ቆማ በላችው፤ ሌላም ጨመረች። ፂዩሪ ወንበሩን ወደ ቦታው ልትመልስ ስትነሳ ልጇ በሩ ጋ ቀደመቻት። በሩን ገፋ አድርጋ ዘጋችው፤ ቁልፉንም እንደ እናቷ ልማድ እስከ መጨረሻው አዞረችው።