እርቁ ይደገም ሲሉን

«እትዬ ወለላ፣ ራስዎን ብቻ ይሁኑልኝ» አለኝ ህሩይ፣ ከጎንደር ካሜራ ጭኖ መካነ ብርሃን ድረስ የመጣው ፊልም ሠሪ። ሌላ ማንን ልሆን ኖሯል?

የፈለገው የእርቃችንን ቀን ነው። ክንዱ የሚባል ጎረቤታችን በማሳ ድንበር ጠብ ባሌን ነጋን ገደለ። ከእስር ሲወጣ ሽማግሌ ገባ፤ በቤተ ክርስቲያን ቅጥር ድንጋይ በማጅራቱ ተሸክሞ እግሬ ላይ ወደቀ። መጀመሪያ ፊቴን አዞርሁበት። ኋላ ሲለምኑኝ ይቅር አልሁ፤ ያውም ከአንገት በላይ። የባሌ ታናሽ ወንድም ምንዳዬ ደም እመልሳለሁ ብሎ እሱም እንዳይሞትብኝ ፈርቼ ነበር። ህሩይ ታዲያ ያንኑ በዚያው ቤተ ክርስቲያን ቅጥር ድገሙት አለን። ሽማግሌዎቹም ለትምህርት ይሆናል ብለው ፈቀዱ።

ክንዱ ድንጋዩን ተሸክሞ ተደፋ። ፊቴን አዙሬ «አልምርህም» አልሁት። ቀጥሎ ይቅር ማለት ነበረብኝ። አልወጣ አለኝ። ነጋ የወደቀበት ማሳ ዓይኔ ላይ መጣ፤ ክንዱን እንደ አዲስ ጠላሁት።

«በይ እንጂ ልጄ፣ ማሪው» አሉ አያ ሰውአገኝ፣ የሽማግሌዎቹ አለቃ። ፊቴን እንዳዞርሁ ቀረሁ። ህሩይ ትወና የምሠራለት መስሎት ከካሜራው ኋላ «በጣም ጥሩ ነው» ይላል። ምንዳዬ ግን ያውቀኛል። የቅጥሩ በር ላይ ከቆመበት ጠመንጃውን ከትከሻው ሲያወርድ አየሁት።

ክንዱም የብረቱን ድምፅ ሰማ መሰለኝ። ግንባሩን ከአፈር ሳያነሣ፣ «እቴ፣ ያን ቀንም ከልብሽ እንዳልነበር አውቃለሁ» አለኝ። «ከዚያ ወዲህ ሌሊቱን ምንዳዬን ስጠብቅ ነው የማነጋ። ካልሆነልሽ አትበይው።»

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳ ይላሉ። የወጋውም አልረሳም ኖሯል።

ያን ጊዜ ድንጋዩን ያወረዱለት ሽማግሌዎቹ ነበሩ። አሁን እኔው ጎንበስ ብዬ አነሣሁለት። ማጅራቱ ተልጧል። «ምሬሃለሁ» አልሁት፣ ምንዳዬም እንዲሰማ ድምፄን ከፍ አድርጌ። ምንዳዬ ትክ ብሎ አየኝ። ከዚያ ጠመንጃውን አነገተና ፊቱን ወደ ግንቡ አዙሮ አለቀሰ።

ህሩይ ቅር ብሎት መጣ። «እትዬ፣ ያኔ ድንጋዩን ያወረዱት እኮ ሽማግሌዎቹ ናቸው። እኛ የምንቀርጸው እውነቱን ነው። አንዴ እንድገመው።»

«ምነው ልጄ፣ ያን ቀን እኮ ውሸቴን ነበር» አልሁት።

ክንዱ የታዘዘ መስሎት ወደ ድንጋዩ እጁን ዘረጋ። ቀደምሁትና ድንጋዩ ላይ ተቀመጥሁበት።