ኦስኒየልና ባዶው ገመድ

«ተነሱ እናንተ! እዚህ መናፈሻ አይደለም፣ ምግብ ቤት ነው!»

እንዲህ እያለ የሚጮኸው ኦስኒየል ነው፤ የሚጮኸውም ከመንገዱ ማዶ የማንጎው ጥላ ሥር በተቀመጥነው ላይ። ግማሾቻችን የእግረኛው መንገድ ጠርዝ ላይ፣ ግማሾቻችን የሰው ቤት ደረጃ ላይ አረፍ ብለናል። አንዷ የማን እንደሆነ ያልታወቀ ሞተር ሳይክል ላይ ወጥታ ጥፍሯን ትሞርዳለች። ሥራ ፈቶች መስለነዋል።

«ምግብ ቤት መሆኑንማ እናውቃለን» አልኩት። «ወረፋ ይዘን ነው።»

«የቱ ነው ወረፋው?»

ይህን የሚጠይቀው እዚሁ ሃቫና፣ ላውተን ሰፈር፣ ከዚህ ጥቂት ቤት አለፍ ብሎ የተወለደ ሰው ነው። ሃቫና ውስጥ ወረፋ በእግር እንደማይያዝ ሳያውቅ ያደገ ልጅ የለም። ትመጣለህ፣ «መጨረሻ ማነው?» ትላለህ፣ አንዱ እጁን ያወጣል፣ በቃ፣ ከእሱ ቀጥሎ ነህ። ሌላው መጥቶ አንተን እስኪጠይቅ ትጠብቅና ከፈለግህ ቤትህ ገብተህ ተኛ። ኦስኒየል ግን ማድሪድ ሄዶ ለጥቂት ዓመታት የሰው ሳህን ሲያመላልስ ቆይቶ ተመለሰና ይህን ረሳሁ አለ። ሳህን ይህን ያህል ከባድ ነገር መሆኑን አላውቅም ነበር።

ምግብ ቤቱ የሚስቱ እናት የኤውሜሊያ ነው፤ የገዛ በረንዳዋ። ጥቁር ባቄላና ሩዝ አንድ ላይ ታበስላለች፣ ጥሬ ሙዝ ጠፍጥፋ ትጠብሳለች፣ ካሳቫውን በነጭ ሽንኩርትና በኮምጣጣ ብርቱካን ታርሰዋለች። ሰፈሩ በሙሉ ምሳውን የሚበላው እዚያ ነው። ለኦስኒየል ግን ይህ ሁሉ «ኋላ ቀር» ነው። ለዛሬ ምሳ ኤራክሊዮ የሚባል ቱሪስት የሚያመላልስ ሰው ጠርቷል። ሰውየው ከወደደው ከሰኞ ጀምሮ ቤቱ የቱሪስት ይሆናል፣ ምድጃውን ኦስኒየል ይረከባል፣ ኤውሜሊያ ደግሞ፣ በእሱ አባባል፣ «ታርፋለች»። ሬሳም እኮ ያርፋል።

ጠዋት የላይተር ጋዝ መሙያ ሳጥኔን ይዤ በማድ ቤቱ መስኮት ሳልፍ፣ «ያበጠው እግሬ ነው» ብላኝ ነበር። «እጄን ምን አገኘው? አንተ ላይተር መሙላት ተው ብትባል የት ትገባለህ?»



አሁን ኦስኒየል ወደ ውስጥ ገባና ሁለት የሚያብረቀርቁ ዘንጎችና ቀይ ገመድ ይዞ ወጣ። ከየትኛው ሆቴል እንዳመጣው እግዜር ይወቀው። ፀሐዩ መሀል ተከለውና፣ «እዚህ ውስጥ ትሰለፋላችሁ!» አለን።

«አልችልም» አልኩት። «እኔ ከብሪሂዶ ቀጥሎ ነኝ። ብሪሂዶ ደግሞ ፂሙን ሊላጭ ቤቱ ሄዷል። እሱ በሌለበት ከማን ኋላ ልቁም?»

«ከፊትህ ካለው ሰው ኋላ!»

«ያማ የሰው ተራ ነው።»

«የኔ ጌታ» አለችው ሞተር ሳይክሉ ላይ ያለችው፣ ከጥፍሯ ቀና ሳትል፣ «ማድሪድ ጥላ የለም እንዴ?»

እጁን እያወናጨፈ ገባ።

ትንሽ ቆይቶ ኤራክሊዮ መጣ። ነጭ ሱሪ ለብሷል፣ ከመኪናው ሲወርድ ቀዝቃዛ አየር አብሮት ወረደ። ኦስኒየል «ሰው የሚሻማበት ቤት» ብሎ ነበር የጠራው፤ ሰውየው ገመዱን ቢያየው ባዶ ነው። ዞር ሲል እኛን አየ።

እዚህ አገር ያደገ ሰው፣ የሚጠብቅ ሰው ሲያይ የሚጠበቀውን እንኳ ሳያውቅ ተራ ይይዛል። እኔ ራሴ አንድ ጊዜ ስንት ሰዓት ተሰልፌ የሕፃን ጫማ ገዝቼ ገብቻለሁ፤ ልጅ የለኝም። ኤራክሊዮም የተዘጋጀለት ጠረጴዛ እያለ መንገዱን ተሻግሮ መጣና፣

«መጨረሻ ማነው?» አለ።

እጄን አወጣሁ።

«አቶ ኤራክሊዮ! ጠረጴዛዎ እኮ ተዘጋጅቷል!» ኦስኒየል በሩ ላይ ሆኖ ተጣራ።

«ተራ ይዣለሁ» አለው። በተናገረው ነገር ራሱም የደነገጠ መሰለኝ። ግን ሰው ፊት ተራ ይዞ መልሶ መዝለል ደግሞ አሳፈረው። መሐረቡን አንጥፎ ነጩን ሱሪ ጠርዙ ላይ አስቀመጠው።

ብሪሂዶ ተላጭቶ ተመለሰ። «ማነው ይሄ ሙሽራ?»

«ከኔ ቀጥሎ ነው።»

«እንግዲያው ዘመድ ነዋ!»

ተራችን ሲደርስ ሦስታችንም አንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀመጥን። ለእኔና ለብሪሂዶ የተለመደው መጣልን። ለኤራክሊዮ ግን ኦስኒየል ራሱ የሠራውን በሳህን ፈንታ በጥቁር ድንጋይ ላይ አቀረበለት፤ እንደ ክር የቀጠነ ሥጋ፣ ጥቂት ፍሬ ባቄላ፣ መሀል ላይ አንድ ቅጠል። ኮርቶ የቆመው ቅጠሉ ብቻ ነበር።

ሰውየው ድንጋዩን አየ። የእኔን ሳህን አየ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«የባህል ምግባችን ሐሳብ ነው» አለ ኦስኒየል።

«እኔ ከእሳቸው ቀጥሎ ነኝ» አለ ኤራክሊዮ ወደ እኔ እያመለከተ። «እሳቸው ሐሳብ አልበሉም።»

ኤውሜሊያ እያነከሰች ሞልታ አመጣችለት። በላ። መረቁን በዳቦ ጠርጎ ጨረሰ። ከዚያ ለኦስኒየል፣ «ቱሪስት እዚህ አላመጣም» አለው። «እነሱ ጥላ ሥር መጠበቅ አይሆንላቸውም። ሴትየዋ ከምድጃው ከተነሱ ደግሞ የሚመጡበት ነገር የለም። እኔ ግን ሐሙስ ሐሙስ እመጣለሁ።» መሐረቡን አራግፎ ሄደ።

ኤውሜሊያ ድስቱን ልታማስል ተመለሰች፤ አካሄዷን ላየ ግን ያበጠው እግር የሌላ ሰው ይመስል ነበር።

እኛ በልተን ብንጨርስም ተመልሰን ማንጎው ሥር ተቀመጥን፤ ከእኛ በኋላ መጥተው ገና ያልበሉም ብዙ ነበሩ። ኦስኒየል ባዶ ሳህን ይዞ በማድ ቤቱ መስኮት በኩል ብቅ አለ። የራሱን ሐሳብ አልበላውም፤ ድንጋዩ ጠረጴዛው ላይ እንደተቀመጠ ነው።

«እማማ፣ ትንሽ ጣል አድርጊልኝ።»

«ተራ ይዘሃል?»

ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። ሳህኑን እንደያዘ መንገዱን ተሻገረና መሬት መሬት እያየ መጣ።

«መጨረሻ ማነው?»

እጁን ያወጣ ሰው የለም። ሞተር ሳይክሉ ላይ ያለችው ጥፍሯን መሞረድ ቀጠለች።

«አንተ ምን አስጨነቀህ» አልኩት፣ ፀሐይ ላይ የቆመውን ቀይ ገመድ እያሳየሁት፣ «እዚያ እኮ አንደኛ ነህ።»